«ፈልጋ ነው» የምትለው ቃል

ባለፈው ሳምንት ቅዳሜ ከቀትር በኋላ፥ እዚሁ ሳንሱሲ ከአምቦ መንገድ ዳር በምትገኝ አንዲት ሻይ ቤት ተቀምጬ የተማሪዎቼን የፈተና ወረቀት አርም ነበር። ዝናቡ ሳይታሰብ ቢወርድ ታክሲ ይጠብቅ የነበረው ሰው ሁሉ ተሯሩጦ ገባና ቤቷን አጨናነቃት። ወደ እኔም ጠረጴዛ ሦስት ወጣቶች ይቅርታ ጠይቀው ተጠጉ። ሁለቱ በመንግሥት መሥሪያ ቤት የጽሕፈትና የመዝገብ ሥራ የሚሠሩ ሲሆኑ፥ ሦስተኛው ቀን እየሠራ ማታ ኮሌጅ የሚማር ነው። በሰፈር የምንተዋወቅ ስለሆነ ሰላምታ ተለዋውጠን ሻይ ታዘዘ።

ጥቂት ቈይተው ሦስቱም በአንድ ስልክ ላይ አንገታቸውን ደፉ። የስልኩ ድምፅ ባይሰማም ሳቃቸው የሚያዩትን ይናገር ነበር። ቀና ብዬ ብመለከት አንደኛው ስልኩን ገልብጦ ጠረጴዛው ላይ አኖረው።

«ምንድን ነው እንዲህ የሚያስቃችሁ?» አልኩ።

«ምንም አይደል ቲቸር፤ ለእርስዎ የሚሆን አይደለም» አለ ባለ ስልኩ።

ከመካከላቸው ደፈር ያለው ግን፥ «ምን ይደበቃል? ሴክስ ፊልም ነው። ቲቸርም ሰው ናቸው» ብሎ ጓደኞቹን አሳቃቸው።

እኔም ነገሩን በጨዋታ ለማለፍ፥ «ለመሆኑ ሴትዮዋ ማን ናት?» ብዬ ጠየቅሁ።

«ስሟን ማን ይጠይቃል!»

«ተገዳ ቢሆንስ?»

«ኧረ ቲቸር! ስትስቅ እያየናት? ፈልጋ ነው የሠራችው። ገንዘቧንም ተቀብላለች።»

ዝናቡ አባራ፤ ልጆቹም ሒሳባቸውን ከፍለው ሄዱ። ሳንሱሲ የሚለው ቃል በፈረንሳይኛ «ያለ ሐሳብ» እንደ ማለት ነው። እኔ ግን ያን ቀን ወደ ቤቴ የተመለስኩት አንድ ሐሳብ ይዤ ነው። ይኸውም «ፈልጋ ነው» የምትለው ቃል ናት።

አንባቢ ሆይ፥ ስብከት ልጀምር መስሎህ ገጹን አትግለጥ። እኔ ሰባኪ አይደለሁም። በዩኒቨርሲቲ ተማሪ ሳለሁ በመኝታ ክፍላችን እንዲህ ያለው ፊልም ሲታይ ዓይኔን ጨፍኜ አልወጣሁም። ይህችኑ ቃልም ያን ጊዜ እኔው ራሴ ብያታለሁ። ስለዚህ ዛሬ የምመዝነው የልጆቹን ንግግር ብቻ ሳይሆን የራሴንም ነው። ለመመዘኛ እንዲሆነኝ የአንዲት ሴት ታሪክ አመጣለሁ። ስለ አሜሪካ የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በፈረንጅ አቈጣጠር ናቸው።

ሴትዮዋ ሊንዳ ቦርማን ትባላለች። በጥር ወር 1949 በኒውዮርክ ከተማ ብሮንክስ በተባለው ክፍል ተወለደች። አባቷ ፖሊስ ነበር፤ እርሷም በካቶሊክ ትምህርት ቤቶች ተማረች። ሃያ ዓመት ሲሆናት የመኪና አደጋ ደርሶባት ክፉኛ ተጎዳች። ከዚያም ለማገገም በወላጆቿ ቤት በነበረችበት ወራት ቸክ ትሬነር ከሚባል ሰው ጋራ ተዋወቀች። ሰውየው በኋላ ባሏም ሥራ አስኪያጇም ሆነ።

በ1972 ዓ.ም. መጀመሪያ ላይ ጄራርድ ዳሚያኖ የሚባል አዘጋጅ፥ በፍሎሪዳ ክፍለ አገር በጥቂት ቀናት ውስጥ አንድ የብልግና ፊልም አነሣ። የፊልሙ ስም «ዲፕ ትሮት» ነው፤ በአማርኛ «ጥልቅ ጉሮሮ» እንደ ማለት ነው። ዋናዋ ተዋናይት ሊንዳ ነበረች፤ ስሟም ለፊልሙ ሲባል «ሊንዳ ላቭሌስ» ተብሎ ተለወጠ። የፊልሙ ወጪ ከሃያ አምስት ሺህ ዶላር ብዙም አይርቅም ይባላል፤ ገንዘቡንም ያወጡት በኒውዮርክ ከወንበዴዎች ማኅበር ጋራ የተሳሰረ ቤተሰብ አባላት ነበሩ።

ፊልሙ በሰኔ ወር 1972 በኒውዮርክ መታየት በጀመረ ጊዜ የሆነው ነገር ከዚያ በፊት ታይቶ አይታወቅም። እስከዚያ ድረስ እንዲህ ያለውን ፊልም የሚያየው ኮቱን እስከ ጆሮው ስቦ፥ በጨለማ ተደብቆ የሚገባ ሰው ነበር። ይኸን ግን ባልና ሚስት ተያይዘው፥ የመሥሪያ ቤት ጓደኛሞች ተጠራርተው፥ ዝነኞችም ሳይቀሩ በግልጽ ተሰልፈው አዩት። ታላላቅ ጋዜጦች ጻፉበት፤ በቴሌቪዥን ቀለዱበት። ከዋተርጌት ቅሌት ጋራ በተያያዘ ለ«ዋሽንግተን ፖስት» ጋዜጠኞች በምስጢር መረጃ ይሰጥ የነበረው ሰው እንኳ በጋዜጣው ቤት የተጠራው በዚሁ ፊልም ስም ነበር። ሰውየው የኤፍ ቢ አይ ባለሥልጣን የነበረው ማርክ ፌልት መሆኑ የታወቀው በ2005 ነው።

ሊንዳም በአንድ ዓመት ውስጥ በዓለም የታወቀች ሆነች። በስሟ መጽሐፍ ወጣ። በመጽሐፉም ሥራዋን ወድዳ እንደምትሠራ፥ ኀፍረትም እንደማታውቅ ተጻፈ። እንግዲህ ያን ጊዜ በሻይ ቤታችን ጠረጴዛ ዙሪያ ብንቀመጥና አንድ ሰው «ተገዳ ቢሆንስ?» ቢል፥ መጽሐፉን አውጥተን እናሳየው ነበር። በገዛ ቃሏ ፈልጌ ነው ትላለችና፤ ከዚህ የበለጠ ማስረጃ ከየት ይመጣል?

ነገር ግን በ1980 ዓ.ም. ሊንዳ፥ ማይክ ማክግሬዲ ከተባለ ጋዜጠኛ ጋራ ሆና ሌላ መጽሐፍ አወጣች። ርእሱ «መከራ» እንደ ማለት ነው። በዚህ መጽሐፍ ትሬነር ይደበድባት እንደ ነበር፥ በጠመንጃ እያስፈራራ ከማታውቃቸው ወንዶች ጋራ እንዳስተኛት፥ ፊልሙንም የሠራችው በእርሱ ፍርሃት እንደ ሆነ ተናገረች። የፊተኛውን መጽሐፍ የደስታ ቃልም እንድትል ታዝዛ ያለችው እንደ ነበር ገለጸች። የተከፈለውም 1,250 ዶላር ሲሆን፥ እርሱንም የወሰደው ባሏ ነው አለች። አሳታሚዎቹ ነገሩ ከባድ ስለሆነባቸው መጽሐፉ ከመውጣቱ በፊት ውሸትን በሚመረምረው መሣሪያ ለብዙ ሰዓት አስመርምረዋት ነበር።

ከዚያ ወዲያ ምስክርነቷ ከአዳራሽ ወደ አዳራሽ ሄደ። በ1983 ዓ.ም. የሕግ ምሁርዋ ካትሪን ማኪነንና ጸሐፊዋ አንድሪያ ድዎርኪን በሚኒያፖሊስ ከተማ ምክር ቤት ፊት ባስደረጉት ስብሰባ ቀርባ ተናገረች። በ1986ም በዋናው ዐቃቤ ሕግ በኤድዊን ሚስ የተቋቋመው ኮሚሽን ሰማት። የቃሏም ፍሬ፥ ያንን ፊልም የሚያይ ሁሉ እርሷ ስትደፈር ማየቱ ነው የሚል ነበር።

አሁን ወደ ክርክሩ እንምጣ፤ ምክንያቱም የዚህች ሴት ስም እስከ ዛሬ አከራካሪ ነው። ትሬነር እጁን እንዳነሣባት አልካደም፤ አስገድዶ ፊልም አሠርቷታል መባሉን ግን ካደ። በፊልሙ ሥራ ከነበሩት አንዳንዶቹ በሰውነቷ ላይ የድብደባ ምልክት ማየታቸውን ሲናገሩ፥ ሌሎቹ ደግሞ በሥራው ላይ ደስተኛ ትመስል ነበር አሉ። የብልግና ፊልም ነጋዴዎች ውሸታም ናት አሏት። የፊልሙን ንግድ የሚቃወሙት ሴቶች ደግሞ እንደ ባንዲራ አነሧት። እርሷ ግን በኋለኛው ዕድሜዋ በእነዚህም ቅር ተሰኘች፤ በስሜ ተጠቀሙ እንጂ እኔን አልረዱኝም አለች። በ2001 ዓ.ም. በሃምሳ ሁለት ዓመቷ ለአንድ የወንዶች መጽሔት በውስጥ ልብስ ፎቶግራፍ ተነሣች። በጨዋነት እስከ ተሠራ ድረስ አምሮ መታየት ነውር አይደለም ስትልም መለሰች። ይኸን ጊዜ ቀድሞ የሚጠራጠሯት ሁሉ፥ «አላልናችሁም? ዱሮም ፈልጋ ነው» አሉ።

ይኸኛው ፍርድ ግን ለእኔ አይታየኝም። ሰው አንድ ቀን በፈቃዱ ያደረገው ነገር፥ በሌላ ቀን በግድ ያደረገውን አይሰርዝም። እንጀራ ወድጄ እበላለሁ ማለት በጉሮሮዬ እንጀራ ቢጠቀጥቁብኝ ደስ ይለኛል ማለት አይደለም። የሊንዳን እያንዳንዱን ቃል ማን እንደሚያረጋግጥ ልንከራከር እንችላለን። አንድ ነገር ግን አያከራክርም። ፊልሙን ያየው ያ ሁሉ ሕዝብ፥ ፈገግታዋን በትልቅ መጋረጃ ላይ እያየ፥ ከፈገግታው በስተጀርባ ምን እንዳለ ሊያውቅ አልቻለም። ያወቀ መሰለው እንጂ። ካሜራ የሚያሳየው ከፊቱ ያለውን ነው፤ ከካሜራው ኋላ የቆመውን ሰው አያሳይም።

የገንዘቡንም ነገር እንይ፤ ልጁ «ገንዘቧንም ተቀብላለች» ብሏልና። ፊልሙ እስከ ስድስት መቶ ሚሊዮን ዶላር አስገኘ የሚል ወሬ አለ። ብዙዎች የተጋነነ ነው ይላሉ፤ ነገር ግን ብዙ ሚሊዮን ለመሆኑ የሚጠራጠር የለም። አዘጋጁ ዳሚያኖ እንኳ የድርሻውን ሃያ አምስት ሺህ ዶላር ብቻ ይዞ ከሽርክናው እንዲወጣ ተደርጓል። የቀረውን የወሰዱት እነዚያ ከወንበዴዎቹ ማኅበር ጋራ የተሳሰሩት ሰዎች ናቸው። ፊልሙ በየአገሩ ሲሸጥ ለሊንዳ ከ1,250 ዶላሩ በላይ አልደረሳትም፤ ያም ቢሆን ባሏ እጅ የገባ ነው።

በፊልሙ ላይ ከእርሷ ጋራ የሠራው ሃሪ ሪምስ የተባለው ተዋናይ በ1976 ዓ.ም. በሜምፊስ ከተማ ተከስሶ ተፈረደበት፤ በሚቀጥለው ዓመት ግን ፍርዱ ተሻረለት። እርሱም ለብዙ ጊዜ በመጠጥ ከተንገላታ በኋላ መጠጡን ትቶ፥ ክርስትናን ይዞ፥ በዩታ ክፍለ አገር ቤትና መሬት በማሻሻጥ ኖሮ በ2013 ሞተ። ሊንዳ ደግሞ በአደጋው ጊዜ በተሰጣት ደም ምክንያት ጉበቷ ታምሞ በ1987 የሌላ ሰው ጉበት ተተካላት። ሁለተኛ ትዳር መሥርታ ሁለት ልጆች አሳደገች፤ ያም ትዳር ፈረሰ። በሚያዝያ ወር 2002 በዴንቨር ከተማ የመኪና አደጋ ደርሶባት በሃምሳ ሦስት ዓመቷ ዐረፈች። «ስም ከመቃብር በላይ ይውላል» የሚለው የአባቶቻችን ቃል ለደግ ስም የተባለ ነው። የሊንዳም ስም ከመቃብሯ በላይ ዋለ፤ ግን ስሙ ሌሎች ያወጡላት ነው፤ ፊልሙም አሁንም ይታያል።

«ይህ የፈረንጅ ጣጣ ነው፤ ለእኛ ምናችን ነው?» የሚል አንባቢ ይኖር ይሆናል። እንዲያ ከሆነ ወደ አገራችን እንመለስ።

አዲስ አበባ ላይ ሲኒማ በመጣ ጊዜ ሕዝቡ የሚታይበትን ቤት «ሰይጣን ቤት» ብሎ ሰየመው። ቤቱ ግን ባዶ ሆኖ አልቀረም፤ ሰው እየሰደበውም ቢሆን ገባበት። ሴት ልጅ በቴአትር መድረክ ላይ መውጣት ነውር በነበረበት ዘመን የሴቱን ክፍል ወንዶች ቀሚስ ለብሰው ይጫወቱ ነበር። ይኸን ልማድ የሰበሩት የመጀመሪያዋ ሴት ተዋናይ ወይዘሮ አስናቀች ወርቁ ናቸው። የእርሳቸው ሥራ ክብር ያለው ጥበብ ነው፤ እኔም ከብልግና ፊልም ጋራ አላስተካክለውም። የማነሣው ስለ ተመልካቹ ነው። ሴት ተዋናይንና ሴት አዝማሪን ማታ አጨብጭቦ፥ ጠዋት በስድብ የሚያነሣው ተመልካች ያው አንድ ሰው ነበር። ወይዘሮ አስናቀች በመስከረም ወር 2004 ዓ.ም. በእኛ አቈጣጠር ሲያርፉ ሁሉም በክብር አነሣቸው፤ የክራር ሥራቸውም ቀደም ብሎ በፈረንሳይ አገር ታትሞ በዓለም ተሰምቷል። ክብሩ ግን ከስድቡ በጣም ዘግይቶ የመጣ ነው።

በእኛ አቈጣጠር በ1990ዎቹም በየሰፈሩ ቪዲዮ ቤት እንደ ነበረ የማያስታውስ የአዲስ አበባ ልጅ የለም። ቀን የሕንድና የካራቴ ፊልም እያሳዩ፥ መሸት ሲል መጋረጃውን የሚዘጉ ነበሩባቸው። በ1996 ዓ.ም. የወጣው የወንጀል ሕጋችን በአንቀጽ 640 የብልግና ፊልምና ሥዕል መሥራትን፥ ማስገባትን፥ ማሳየትንና ማሠራጨትን በወንጀል ይቀጣል። አሁን ቪዲዮ ቤቱ በየኪሳችን ገብቷል። ሕጉ ያሠራጨ ብሎ የሚጠራው ሰው ዱሮ ካሴት የሚያከራየው ነጋዴ ነበር፤ ዛሬ ግን በአንዲት ጣት ለጓደኛው የሚልከው የቢሮ ጸሐፊ ወይም የኮሌጅ ተማሪ ሊሆን ይችላል።

እዚህ ላይ የምጽፈውን ለመጻፍ እጄ ከብዶኛል።

ባለፈው ዓመት በማውቀው አንድ መሥሪያ ቤት ሃያ ስድስት ዓመት የሞላት አንዲት የመዝገብ ቤት ሠራተኛ ነበረች። አገባሻለሁ ላላት ሰው አንድ ፎቶግራፍ ሰጥታው ኖሯል። ነገሩ ፈረሰና ሰውየው ፎቶግራፉን ለአንድ ጓደኛው ላከ። ያም ለሌላው ላከ። በሳምንቱ ፋይል ልትወስድ በገባችበት ቢሮ ሁሉ ወሬ ይቋረጥ፥ ወይም ሳቅ ይጀመር ነበር። ስለ እርሷ ሲወራም የሰማሁት ያችኑ ቃል ነው፤ «ፈልጋ ነው የተነሣችው።»

እውነት ነው፤ ፈልጋ ነው የተነሣችው። የፈለገችው ግን ለአንድ ሰው ነበር። ለአንድ ሰው የተሰጠ ፈቃድ ለአርባ ሰው የተሰጠ ፈቃድ አይደለም። ቡና ጠጡልኝ ብዬ ጎረቤቴን ብጠራ፥ ጎረቤቴ የመንደሩን ሰው ሁሉ ይዞ ገብቶ ሳጥኔን እንዲከፍት ፈቀድኩ ማለት ነውን?

ልጅቱ ሥራዋን ለቀቀች። አስቀድሞ የላከው፥ ተቀብሎ ያስተላለፈው፥ አይቶ የሣቀው፥ ሁሉም ዛሬ በየወንበሩ ተቀምጧል። «የወደቀ ዛፍ ምሳር ይበዛበታል» ይባላል፤ እዚህ ላይ ግን ዛፉን የጣሉትም ምሳሮቹ ናቸው።

ፎቶግራፉ ለእኔም ደርሶኝ ነበር። ወዲያው አጠፋሁት። ለላከልኝ ሰው ግን አንዲት ቃል አልተናገርኩም። በማጥፋቴ ብቻ ከበደሉ የወጣሁ መስሎኝ ነበር፤ ዳሩ ግን ዝም ማለቴን እርሱ እንደ ምስጋና ቈጥሮት ይሆናል።

ስለዚህ አንባቢ ሆይ፥ ይህች «ፈልጋ ነው» የምትለው ቃል የምታገለግለው ማንን እንደ ሆነ አስብ። ስለ ሴትዮዋ አንዳች እውቀት አትሰጥም። የምታገለግለው ተመልካቹን ነው፤ እንዳይጠይቅ ታሳርፈዋለች። ፈቃዷ በመጋረጃ ላይ አይነበብም፤ ከፈገግታዋም አይገኝም። በዓለም ላይ ፈልገው በዚህ ሥራ የሚኖሩ ሴቶች አሉ፤ ይኸን አልክድም። ነገር ግን ከፈለገችይቱና ከተገደደችይቱ የትኛዋን እያየህ እንደ ሆነ በሻይ ቤት ተቀምጠህ መለየት አትችልም። መለየት ካልቻልህ ደግሞ ለመሣቅ ከመቸኰል በፊት «ማን አነሣው? ማን ሸጠው? ለእኔስ ማን ላከው?» ብሎ መጠየቅ ይሻላል። እኛ ግን ጥያቄውን ሁሉ ትተን ፍርዱን ለእርሷ ብቻ እናደርገዋለን።

ማክሰኞ ማታ ያንን የማታ ተማሪ ታክሲ ስንጠብቅ አገኘሁትና የሊንዳን ታሪክ አጫወትሁት። እስከ መጨረሻው በጸጥታ ሰማኝና፥ «ታዲያ ቲቸር፥ ሴትዮዋ እውነቷን ነው ይላሉ?» አለኝ።

«እኔ ዳኛ አይደለሁም» አልኩት። «ግን ስትስቅ አይቻታለሁ የሚለው ማስረጃ እንዳልሆነ ዐውቄአለሁ።»

ጥቂት ዝም ብሎ፥ «የዚያን ቀኗን ሴትዮም እንግዲህ አናውቃትም ማለት ነው» አለ። ታክሲው መጣና ተለያየን።

እኔም ቤቴ እንደ ገባሁ ያንን ፎቶግራፍ ለላከልኝ ሰው ስልክ ደወልኩ። ያን ጊዜ ልናገረው የሚገባኝን ተናገርኩት። እርሱም ተገርሞ፥ «አሁን ምን አስታወሰህ? እኮ ዓመት ያለፈው ነገር ነው!» አለኝ።

«እርሷ ግን እስካሁን ወደ ሥራዋ አልተመለሰችም» አልኩት።